ቆጠራ

ከጠዋቱ ሁለት ነው፤ የጥቅምት ሰማይ ግራጫ፣
ነጭ ሚኒባስ ቆሟል በሆቴሉ መውጫ።
ሲግሩን ትባላለች፤ ሹፌርም፣ አስጎብኚም፤
ስሜን ጠየቀችኝ፤ "ዘውገ" ብላት አልሆነላትም።
"ሴውግ" አለች፣ "ሴቩ"፤ ሳቀች፣ ተወችው፤
"ስምንት" ብላ በጣቷ፣ በእኔ ዘጋችው።

አሥራ አንድ ዓመት ነዳሁ የስቶክሆልም አውቶብስ፣
በጨለማ ወጥቼ በጨለማ ስመለስ።
ዛሬ ተሳፋሪ ነኝ፤ ከኋላ፣ ከመስኮቱ ጥግ፣
እጄ መሪ ሲፈልግ፣ ቀኝ እግሬ ሲያደገድግ፣
በየኩርባው ወለሉን እንደ ፍሬን እረግጣለሁ።
ቦግዳን አጠገቤ ነው፤ ከግዳንስክ የመጣ፣ የከባድ መኪና ጡረተኛ፤
ለካ እሱም ይረግጣል! ተያየን፤ ሳቅን እንደ ሌባ ጓደኛ።

መጀመሪያ ስንጥቁ። "ምድር እዚህ ትለያያለች፣
በዓመት አንድ የጣት ስፋት ወዲያና ወዲህ ትሄዳለች።"
ከሊዮን የመጡት ፍቅረኞች በሁለት ድንጋይ ላይ ቆመው፣
ክንዳቸውን ዘረጉ፣ "ፎቶ አንሳን" ብለው።
"እኛም አገር ስምጥ አለ" ልላት ጀመርኩና
ተውኩት፤ ዝዋይ ተወልጄ፣ ስምጥ ውስጥ መሆኔን
የነገረኝ የስምንተኛ ክፍል ፈተና።

"ስምንት።" ተሳፈርን።

ፍልውሃው በገመድ ታጥሯል፤
እንደ ተኛ በሬ ሆድ ከፍ ዝቅ ይላል።
ሁሉም ስልኩን ደግኗል። ስድስት ደቂቃ። ሰባት። ዘጠኝ።
የጫማዬ ክር ተፈታ፤ ጎንበስ ስል ጩኸት መጣብኝ፤
ቀና ስል ትኩስ ካፊያ ብቻ ነው ፊቴን የላሰኝ።
ከፖርቶ የመጡት እህትማማቾች፣ እንዳለቀሰ ሰው ረጥበው፣
"አየኸው? አየኸው?" አሉ።
"አየሁ" አልኩ። ያየሁት ፊታቸውን ነው፤
እንደ ሕፃን የተከፈተ አፍ፣ ስድሳ ዘመን የሻገረ ግንባር።
ምድርስ ነገም ትተፋለች፤ ያ ፊት ግን አንዴ ነበር።
"ስምንተኛው ሺህ ነው" አልኩ፤ ማን ይሰማል አማርኛ?
ሲግሩን በሩ ላይ ትቆጥራለች፤
ሺው ቀርቶ፣ እኔ ነኝ ስምንተኛ።

ፏፏቴው ጋ ግን ቀረሁ። ሠላሳ ደቂቃ ብላን ነበር።
ወንዙ በሁለት እርከን ተሰብሮ፣ ገደል ገብቶ ሲሰወር
ጆሮዬን ሞላኝ። ፈረቃው፣ የበሩ ደወል፣ "አቁምልኝ!"፣
ሁሉም ታጠበ ከላዬ፤ ማንም ምንም አልጠየቀኝ።
አንዲት እናት ልጇን በኮቷ ጠቅልላ ስትመለስ አየሁ፤
ልከተላት አስቤ፣ እንደገና ወደ ውሃው ዞርኩ።
ከዚያ ቢጫ ጃኬት፣ በጉሙ ውስጥ፣ ደረጃውን እየሮጠ፤
"ሴውግ! ሴቩ!" ስሜ በነፋሱ እየተቆረጠ፤
እንዲያ ተሰባብሮ እንኳ፣ እንዲያ ተፈልጎ አያውቅም።
"ሰባት ሆንን" አለችኝ፣ እያለከለከች፣ ሳትቆጣ።
ይቅርታ ልል አፌን ከፈትኩ፤ እንባ እንጂ ቃል አልመጣ።
ከፏፏቴው ነው መሰላት።
ውሃ አይጠፋም በዚያ።

ስንቱን አሳፍሬ፣ በአሥራ አንድ ዓመት ስንቱን አወረድኩ!
ካርዱ ጢጥ ይላል እንጂ፣ አንድ ሰው ጎደለ ብዬ አልተመለስኩ።

ማታ ሬይካቪክ በመብራት። ቦግዳን ተኝቶም ይረግጣል።
ሲግሩን በየሆቴሉ በር አውርዳ፣ ቁጥሩ ይቀንሳል፤
ስድስት። አራት። ሦስት።
መጨረሻ እኔ ወረድኩ፤ በሩን ልገፋ ስል ነቃሁ፤
ሹፌር ራሱን አይቆጥርም። ይህን ከማንም በላይ አውቃለሁ።
"ዘጠኝ ነበርን" አልኳት። ግንባሯን ቋጥራ አሰበች፤
መሪው ላይ ጣቷን ዘርግታ፣ ከስምንት በላይ አንድ አጠፈች።

ሄደች። መንገዱ ጫፍ ስትደርስ የፍሬን መብራቷ ቀላ፤
እግሬ አስፋልቱን ረገጠ፣
ብቻዬን፣ ከኋላ።